ያልጻፍኩት አምስት መቶ አክሲዮን

የእጅ ጽሑፌ ጥሩ ነው። ይህን የምለው ለመኩራራት አይደለም፤ መዘዙ ሁሉ የመጣው ከዚያ ስለሆነ ነው።

ነፋስ ስልክ ባለ አንድ የፕላስቲክ ዕቃ ፋብሪካ ለአሥራ አንድ ዓመት ዋና ሥራ አስኪያጅ ነበርኩ። ባልዲ፣ ሳፋ፣ ጆግ፣ ጀሪካን፣ ወንበር እንሠራለን። የቦርዱ ሰብሳቢ ከጥበቃው እስከ ሒሳብ ሹሙ ሁላችንም «ጋሼ» የምንላቸው አዛውንት ነጋዴ ናቸው፤ ድርጅቱን የመሠረቱትም እሳቸው ናቸው። በገባሁ በመጀመሪያው ወር የጻፍኩትን አንድ ደብዳቤ ወደ መስኮቱ አስጠግተው አዩና «ይህ እጅማ ዝም ብሎ መቀመጥ የለበትም፤ ከዛሬ ጀምሮ ቃለ ጉባኤ የምትይዘው አንተ ነህ» አሉኝ። በዚህ ዓይነት የቦርዱ ጸሐፊም ሆንኩ። ለተጨማሪው ሥራ የተሰጠኝ ተጨማሪ ነገር ቀይ ልባስ ያለው ወፍራም መዝገብና ሁለት ብዕር ነው።

ሥራውን ግን ወደድኩት። ማን ስንት ሰዓት እንደገባ፣ ማን መስኮት ይከፈት እንዳለ፣ ሻይ መቼ እንደቀረበ ሳይቀር እጽፋለሁ። የቦርዱ አባላት መጀመሪያ ይስቁብኝ ነበር፤ በኋላ ግን ሲጣሉ «እስቲ መዝገቡን አውጣ» ማለት ጀመሩ። መዝገቡ ላይ ያለው ነገር እውነት ነው፤ የሌለው ነገር አልተባለም። ይህን ሕግ ያስተማርኳቸው እኔው ነኝ።

ፋብሪካችን ውስጥ የደሞዝ ጭማሪ የሚባል ነገር አይወራም፤ የሚወራው ስጦታ ነው። በእንቁጣጣሽ ባልዲ፣ በገና ክዳን ያለው ባልዲ፣ በፋሲካ ትልቁ ሳፋ። ሀና ማርያም ያለው ቤታችን ምድሩ አልቆ፣ ፎቁ ፌሮው ወደ ሰማይ እንደቆመ የቀረ ቤት ነው። ባለቤቴ ሳፋዎቹን ጓዳ ውስጥ እየደረደረች «ፎቁን በዚህ እንከድነው ይሆን?» ትለኛለች። ሰፈራችን ውሃ በፈረቃ ስለሚመጣ ዕቃዎቹ ከንቱ ነበሩ ማለት አልችልም። እሷም ውሃ የመጣ ቀን ትንሽ ትለሳለሳለች።

በአምስተኛው ዓመት ነገር ተቀየረ። ስገባ ሁለት ማሽን የነበረው ፋብሪካ ሰባት ማሽን ኖረው፤ አንዱ ብቻ ነው የሚያመው። ባለአክሲዮኖቹም ለመጀመሪያ ጊዜ የትርፍ ድርሻ ሊከፈላቸው ሆነ። ይህን የሚያጸድቀው የቦርድ ስብሰባ ላይ ክትፎ ታዘዘ፤ ሰው ሁሉ ፊቱ ፈክቷል። ከአባላቱ አንዱ ብቻ ጥርሱን አሞት ክትፎውን በዓይኑ እያየ ቆየና ተነስቶ ሄደ። እኔም እንደ ልማዴ «በጥርስ ሕመም ምክንያት በዘጠኝ ሰዓት ከአርባ ተሰናብተዋል» ብዬ መዘገብኩ።

ከቦርዱ አባላት መሃል አንዲት አሮጊት ነበሩ፤ እማማ እንላቸዋለን። የፉሪ ገበሬ ናቸው። የጤፍ ማሳቸው ለእኛ መጋዘን ሲወሰድ የካሳውን ብር ይዘው መጡና ለጋሼ «መሬቴ ላይ የምትነግዱ ከሆነ እኔም እገባበታለሁ» ብለው አክሲዮን ገዙ። ልጃቸው የቀረችውን መሬት ያርሳል፣ በትርፍ ጊዜው ጭነት ያመላልሳል። እማማ ማንበብና መጻፍ አይችሉም፤ ቃለ ጉባኤ ላይ የሚፈርሙት በአውራ ጣታቸው ነው። ስብሰባ ላይ ብዙ አይናገሩም። ዱላቸውን ጉልበታቸው ላይ አጋድመው የሚናገረውን ሰው አፍ ሳይሆን የእኔን እጅ ያያሉ። እኔ ጽሑፌን የሚያደንቁ ይመስለኝ ነበር።

ጥርሱን ያመመው ሰው ከሄደ በኋላ ጋሼ ቆሙ። መሐረባቸውን አወጡና ዓይናቸውን ጠረጉ።

«ይህ ልጅ ባይኖር ኖሮ» አሉ ወደ እኔ እያመለከቱ፣ «ዛሬ እዚህ ክትፎ የሚበላ ሰው አይኖርም ነበር። ተቀጣሪ ብዬ ልጠራው አፌ እምቢ አለኝ። አሁን ከምናወጣው አዲስ አክሲዮን አምስት መቶው የእሱ ነው። ይጻፍ።»

ቤቱ በጭብጨባ ተናጋ። ከዚያ ሁሉም ሊጽፍ ወደሚገባው ሰው ዞሩ። ያ ሰው እኔ ነኝ።

እስቲ በእኔ ቦታ ሆናችሁ አስቡት። ሰው ቆሞ እያጨበጨበላችሁ፣ እናንተ አንገታችሁን ደፍታችሁ «ለእኔ አምስት መቶ» ብላችሁ ስትጽፉ። ያደግኩበት ቤት በእንግድነት ሄደን ድገሙ ስንባል ሆዳችን እየጮኸ ሦስት ጊዜ «በቃኝ» የምንልበት ቤት ነው። ፈጥኖ እጁን የሰደደ ልጅ ቤት ሲደርስ ይቆነጠጣል። ብዕሬ ወረቀቱ ላይ ቆመ። ክዳኑን ገጠምኩበት። እጄን ደረቴ ላይ አድርጌ ጎንበስ አልኩና «ኧረ ጋሼ፣ እኔ ምን ሠርቼ» አልኩ።

እቅድ ነበረኝ፤ ሞኝ አይደለሁም። በሚቀጥለው ስብሰባ አንዱ አባል «ያ ነገር ተጻፈ ወይ?» ይላል፣ እኔ «አይ፣ ዝም ብዬ ነው» እላለሁ፣ እሱ ይቆጣኛል፣ እኔም እየተግደረደርኩ እጽፋለሁ። በደንብ የታሰበበት ነገር ነው። ያን ቀን ግን የጻፍኩት የመጨረሻ መስመር «ሌላ አጀንዳ ባለመኖሩ ስብሰባው በምስጋና ተዘጋ» የሚል ነው። «በምስጋና» የሚለውን ቃል ከዚያ በፊትም ሆነ ከዚያ በኋላ ተጠቅሜው አላውቅም። ከአምስት መቶ አክሲዮኔ መዝገቡ ላይ የተረፈው እሱ ብቻ ነው።

ቤት ስገባ ለባለቤቴ ነገርኳት። ዓይኗ በራ፤ ከዚያ አንድ ነገር ብቻ ጠየቀችኝ።

«ጻፍከው?»

«ጋሼ በሰው ሁሉ ፊት ቃላቸውን ሰጥተዋል።»

«እሱን አልጠየቅኩህም።»

በሚቀጥለው ስብሰባ ማንም አላነሳውም። በሚቀጥለውም። እኔ ግን ባለቤት መሆኔን በሌላ መንገድ አወቅኩት። እሑድ ጄኔሬተር ሲበላሽ ጋሼ ይደውሉና «ንብረትህ ነው፣ ሌላ ማን ሊያየው ነው?» ይሉኛል። ደሞዜ እንዲታይልኝ አንድ ቀን እየተንተባተብኩ ብጠይቃቸው ከልባቸው አዘኑብኝ። «ባለቤት ከገዛ ቤቱ ደሞዝ ጭማሪ ይጠይቃል እንዴ? እኔ ስጠይቅ አይተኸኛል?» አላየሁም። አፍሬ ወጣሁ። ስድስት ዓመት ሙሉ ለሥራው ባለቤት፣ ለትርፉ ተቀጣሪ ሆኜ ኖርኩ። ባለቤቴ ፌሮው ዝናብ እየመታው ሲዝግ ባየች ቁጥር «ባለ አክሲዮኑ» ትለኛለች። መጀመሪያ እየሳቀች ነበር፤ በኋላ ሳቁ ቀረ።

ከዚያ አንድ ባለሀብት ድርጅቱ ውስጥ ሊገባ ፈለገና የባለአክሲዮኖች ዝርዝር ጠየቀ። ዝርዝሩን የማዘጋጀው እኔ ነኝ። እማማ ጋ ደረስኩ፣ እሳቸውን አለፍኩ፣ መጨረሻ ደረስኩ። ስሜን ራሴ ልጻፈው? አሁንም እጄ እምቢ አለኝ። ከታች አንድ ባዶ መስመር ትቼ አተምኩና ለጋሼ ወሰድኩላቸው።

መነጽራቸውን አደረጉ። «ይህ ባዶው ምንድን ነው?»

«እሱ... ያኔ የተባለው ነው፣ ጋሼ።»

«የቱ?»

«አምስት መቶው።»

«እህ» አሉ፤ ፊታቸው በፍቅር ሞላ። «እንዴት ይዘነጋኛል። ቃለ ጉባኤው ላይ አለ አይደል?»

ዓይኔን ከወረቀቱ ላይ አላነሳሁም።

«የምትጽፈው አንተ ነህ እኮ፣ ልጄ። እኔማ መዝገቡን ሳየው የለም፤ እንዲያው አልፈለገውም፣ ኩሩ ሰው ነው ብዬ ተውኩት። የማይፈልግን ሰው አስገድጄ ልስጠው?»

ቢክዱኝ ይሻለኝ ነበር። ውሸታም ብዬ፣ በሩን በርግጄ እወጣ ነበር። እሳቸው ግን ሁሉን አመኑ፤ ያላመኑት መስጠቱን ብቻ ነው። በማግሥቱ የሥራ መልቀቂያ ጻፍኩ፤ እሷን በሚያምር የእጅ ጽሑፍ ነው የጻፍኳት።

ጠበቃ ያዝኩ። የክስ ማመልከቻውን ሲያዘጋጅ ድርጅቱን «አንደኛ ተከሳሽ»፣ ጋሼን «ሁለተኛ ተከሳሽ» ብሎ ሲጽፍ አየሁትና «‹ሁለተኛ ተከሳሽ ጋሼ› ማለት አይቻልም?» ብዬ ጠየቅኩት። ብዕሩን አስቀምጦ አየኝ። ፍርድ ቤት የሄድን ቀንም ኮሪደሩ ላይ አግዳሚው ሞልቶ ጋሼ ቆመው ሳያቸው ሳላስበው ብድግ ብዬ ቦታዬን ለቀቅኩላቸው። «ተባረክ» ብለው ተቀመጡ። ጠበቃዬ ኮቴን ይዞ ወደ ጥግ ጎተተኝና «ከሰኸዋል እኮ» አለኝ። «የከሰስኳቸውማ በአክሲዮኑ ነው፣ በወንበር አይደለም» አልኩት።

ዳኛዋ ወጣት፣ ንግግር የማታበዛ ሴት ናት። የእነ ጋሼ ጠበቃ ቀዩን መዝገብ ይዞ መጣ። ሳየው የድሮ ጓደኛዬን ሌላ ሰው እቅፍ ውስጥ ያየሁ መሰለኝ።

«የእጅ ጽሑፍዎ ነው?»

«ነው።»

«እባክዎ የዚያን ቀኑን ለፍርድ ቤቱ ያንብቡልን።»

አነበብኩ። ሻዩ ቀረበ። መስኮቱ ተከፈተ። ጄኔሬተሩ እንዲጠገን ተወሰነ። ለጥበቃው የዝናብ ካፖርት ተፈቀደ። አባሉ በጥርስ ሕመም ተሰናበቱ። ሌላ አጀንዳ ባለመኖሩ ስብሰባው በምስጋና ተዘጋ። ጽሑፉ ያምራል፤ ችሎቱ ውስጥ የነበሩ ሁለት ሰዎች አንገታቸውን አስግገው አዩት።

«የጥበቃውን ካፖርት ጽፈዋል» አለ ጠበቃው። «አምስት መቶ አክሲዮን የት አለ?»

የእኔ ጠበቃ ተነሳና «በምስጋና» የሚለው ቃል በአሥራ አንድ ዓመት መዝገብ ውስጥ እዚያ ቦታ ብቻ መገኘቱን አመለከተ። ያኛው «ለክትፎው ሊሆን ይችላል» አለ። ዳኛዋ ሁለቱንም ዝም አሰኘችና ወደ እኔ ዞረች።

«ጸሐፊው እርስዎ ነበሩ። ይጻፍ ተብሎ ከነበረ ለምን አልጻፉትም?»

«አፍሬ ነው» አልኩ።

ዳኛዋ ለመዝገብ ሠራተኛዋ «ከሳሽ አፍሬ ነው ብለዋል» ብላ አስጻፈች። ያቺ ሠራተኛ ሳታመነታ ጻፈችው። ቀናሁባት።

ምስክሮቼ የቦርድ አባላት ነበሩ። አንዱ መጨብጨቡን ያስታውሳል፤ ለምን እንደተጨበጨበ ግን አያስታውስም። ሌላው ሰብሳቢው ያለቀሱ ይመስለዋል፤ ከሚጥሚጣው ይሁን ከስሜት አላወቀም። ሦስተኛው ከሁሉም በላይ የተማመንኩበት ወዳጄ ነው፤ የምስክር ዝርዝር ስሰጥ ያን ቀን ቀድሞ መውጣቱን ዘንግቼው ነበር። «እኔ በሰዓቱ አልነበርኩም፣ ጥርሴን አሞኝ ወጥቼ ነበር፤ እሱ ራሱ መዝግቦታል» አለ። እውነቱን ነው፤ ደቂቃው ሳይቀር አለ። ከኋላ የተቀመጠችው ባለቤቴ አንገቷን ስትደፋ አየሁ። የሠራሁበት ዘመን ሁሉ እዚያች ክፍል ውስጥ ውሸት ሊባል ጥቂት ነበር የቀረው፤ የሚያስተባብለኝም የገዛ እጄ ነው።

መጨረሻ ላይ እማማ ዱላቸውን ይዘው ቀረቡ። የእነ ጋሼ ጠበቃ ፈገግ ብሎ ተነሳ።

«እናቴ፣ ማንበብ ይችላሉ?»

«አልችልም።»

«ታዲያ የተጻፈና ያልተጻፈውን በምን ያውቃሉ?»

«ማንበብ የማይችል ሰው ምን ያያል? እጅ ያያል» አሉ። «እኔ ያልገባኝን ወረቀት በጣቴ ስፈርም ኖሬያለሁ። ስለዚህ አንድ ነገር በተባለ ቁጥር የዚህን ልጅ እጅ አያለሁ፤ ከሄደ ተጽፏል። ስለ ጄኔሬተሩ ሲባል ሄደ። ስለ ካፖርቱ ሲባል ሄደ። ጋሼ ‹አምስት መቶው የእሱ ነው፣ ይጻፍ› ሲሉ ቆመ። ክዳኑን ገጠመና እጁን ደረቱ ላይ አደረገ። ይሄ ልጅ ተርቦ ሊሞት ነው አልኩ በሆዴ።»

«ያኔ ለምን አልተናገሩም?»

«ሳልናገር መቅረቴ ነው እኮ ዛሬ ከፉሪ ድረስ ያመጣኝ።»

እማማ ወደ ጋሼ ዞሩ። «አላሉም?» አሏቸው። ዳኛዋ እንዲህ መጠየቅ እንደማይቻል ልትነግራቸው አፏን ስትከፍት፣ ጋሼ መሐረባቸውን አውጥተው «ብያለሁ፣ እንዴት አልልም» አሉ። ጠበቃቸው ተቀመጠ።

ዳኛዋ ተስማምታችሁ ጨርሱ ብላ ቀጠሮ ሰጠችን። ጋሼ ቢሮ ተሰበሰብን፤ ባለቤቴ ሳትጠራ መጣች። ጋሼ እንደ ድሮው እጄን ይዘው «ስንት ይሁንልህ፣ ልጄ? አንተው በአፍህ ተናገር» አሉኝ። አፌን ከፈትኩ። የወጣው ቃል «እርስዎ እንዳሉ፣ ጋሼ» የሚል ነው።

«አምስት መቶ» አለች ባለቤቴ።

«አራት መቶ ሃምሳ ብንለው...»

«አምስት መቶ። ካልሆነ አሥራ አንድ ዓመት የሰጣችሁንን ባልዲና ሳፋ በመኪና አስጭኜ እዚህ በር ላይ እደረድረዋለሁ።»

ጋሼ ሳቁና እሺ አሉ። ስምምነቱን ማን ይጻፍ ሲባል ሁሉም እኔን አዩ፤ ጽሑፌ ጥሩ ነዋ። ባለቤቴ ከኋላዬ ቆማ፣ እጇን ትከሻዬ ላይ አድርጋ፣ አምስት መቶ የሚለውን በፊደልም በአኃዝም እስክጽፍ ድረስ አልተንቀሳቀሰችም። ፎቁ ቢያልቅ ከሚሰማኝ ደስታ ይልቅ ያቺ መስመር ደስ አሰኘችኝ። አላፍርም፤ እዚያው አለቀስኩ።

ባለአክሲዮን ሆኜ የተገኘሁበት የመጀመሪያው ጠቅላላ ጉባኤ የተካሄደው በፋብሪካው ምግብ አዳራሽ፣ እኔው ያስመረትኳቸው የፕላስቲክ ወንበሮች ላይ ነው። እማማ ከጎኔ ተቀመጡ። በእኔ ቦታ የተተካችው ሥራ አስኪያጅ አንዲት ቀልጣፋ ወጣት ናት፤ ቃለ ጉባኤውን የምትይዘው በላፕቶፕ ነው። ጣቶቿ ቀጭ ቀጭ ቀጭ ይላሉ። ትርፉን አንብባ ስትጨርስ ቤቱ አጉረመረመ፤ በደስታ ነው። እኔም አምስት መቶዬን በሆዴ አባዝቼ ደስ አለኝ።

ጋሼ ቆሙ። መሐረባቸውን አወጡ።

«ይህች ልጅ ባትኖር ኖሮ» አሉ። «ሦስት መቶ አዲስ አክሲዮን የእሷ እንዲሆን ለጉባኤው አቀርባለሁ። ይጻፍ።»

ተጨበጨበ። ልጅቷ እጇን ደረቷ ላይ አድርጋ ጎንበስ አለች።

ያኔ ያሰብኩትን ሳልደብቅ ልናገር። መጀመሪያ ያሰብኩት፣ ሦስት መቶ አዲስ አክሲዮን ከተጨመረ የእኔ ድርሻ ምን ያህል እንደሚሳሳ ነው። ሁለተኛ ያሰብኩት፣ ልጅቷ የተማረች ናት፣ በኋላ ታስገባዋለች የሚል ነው። ሦስተኛ ነገር አላሰብኩም።

«ድምፁ ቆመ» አሉኝ እማማ።

«የምን ድምፅ?»

«የምትቀጠቅጠው።»

«ደክሟት ይሆናል፣ እማማ።»

ዞረው አዩኝ። ፍርድ ቤት ጋሼን እንኳ እንዲያ አላዩዋቸውም። ከዚያ ዱላቸውን ወለሉ ላይ መታ አድርገው «አንቺ ልጅ» አሉ፣ አዳራሹ ሁሉ እንዲሰማ፣ «እጅሽን ከደረትሽ ላይ አውርጂና ጻፊው።»

ሰው ሳቀ። ልጅቷ ቀላች፣ ከዚያ ቀጭ ቀጭ አለች። ጋሼ «ደጋፊ አለ?» ብለው ጠየቁ። ማንም እጁን አላወጣም። ሰው ሁሉ ወደ እኔ ዞረ፤ ታሪኬን የማያውቅ የለም። እጄ ጉልበቴ ላይ ከብዳ ተቀመጠች። እማማ ክርኔን ያዙና፣ ከባድ ዕቃ እንደሚያነሳ ሰው፣ ወደ ላይ አወጡት። ከዚያ በኋላ ሌሎች እጆች ወጡ።

ቃለ ጉባኤው በሳምንቱ በስልኬ ደረሰኝ። ንጹሕ ነው፣ ስህተት የለውም። «ሐሳቡን በቅድሚያ የደገፉት የቀድሞው ዋና ሥራ አስኪያጅ ናቸው» ይላል። ስለ ክርኔ የተጻፈ ነገር የለም። ለባለቤቴ ጮክ ብዬ አነበብኩላት። የምታጥበውን ሳፋ አስቀምጣ ቀና አለች፤ ለረጅም ጊዜ እንዲያ አድርጋ አይታኝ አታውቅም።

«እውነት አንተ ነህ ቀድመህ እጅህን ያወጣኸው?» አለችኝ።

«ቃለ ጉባኤው ላይ አለ አይደል?» አልኳት።